አንድ ጉንዶ ማር

«ያ ማር የአባቴ ነበር።»

«የአባትህ አልነበረም።»

«እኔ አይደለሁም እንዴ ተሸክሜ ያመጣሁት?»

«ማምጣቱንማ አመጣኸው። እኔ ያገባሁህ ግን ስላመጣኸው አይደለም፤ ስለመለስከው ነው።»

ከዚህ በኋላ ሽማግሌው ምን እንደመለሱ አላስታውስም። የሆነ ነገር ብለዋል፤ አሮጊቷ ለረጅም ጊዜ ሲስቁ ሰምቻለሁና። ያኔ ጎባ ላይ ከግቢያቸው አንዲት ክፍል ተከራይቼ እኖር ነበር። ብርድ መትቶኝ አልጋ ይዣለሁ፤ እነሱ ከግድግዳዬ ማዶ ተቀምጠው የጧት ፀሐይ ይሞቃሉ። የጭቃ ግድግዳ ስለሆነ እንኳን ንግግር ትንፋሽም ያሳልፋል። የአባባ ደጀኔ ዐይን ደክሟል፤ የእማማ ሠርከአዲስ ጆሮ ከብዷል። አባባ ጮክ ብለው ያወራሉ፤ እማማ ደግሞ በመንገድ የሚያልፈውን ሁሉ እያዩ ይነግሯቸዋል። በዚህ ዓይነት ከሁለቱ አንድ ሙሉ ሰው ይወጣ ነበር።

ያን ሁሉ ዘመን አብረው ኖረው ስለ አንድ ጉንዶ ማር ለምን እንደሚከራከሩ ለማወቅ ጓጓሁ። ስድን ጠየቅኋቸው። በአንድ ጊዜ አልነገሩኝም፤ ጥቂቱን ያን ሰሞን፣ ጥቂቱን በዓል ሲሆን፣ የቀረውን ደግሞ እማማ ብቻቸውን ፀሐይ መሞቅ ከጀመሩ በኋላ ሰማሁ። ለማዳመጥ የሚሆን ትዕግሥት የሰጠኝ አምላክ ይመስገን። የሰማሁትን እንደሰማሁት አስቀምጫለሁ፤ ያልሰማሁትን ከልቤ ሞልቻለሁ።

*

ጎባ በእነሱ የወጣትነት ዘመን ከተማ አልነበረም፤ የጦር ሰፈር ነበር። ከሸዋ የመጣው ሠራዊት መጀመሪያ ድንኳን ተከለ፤ ድንኳኑ በዝናብ ሲበሰብስ ጎጆ ቀለሰ፤ ጎጆው ሲበዛ መንደር ሆነ። ታቦቱ እንኳ ገና በሳር ክዳን ሥር ነበር። ከላይ የባቱ ተራራ፣ ከሥሩ የጽድ ጫካ፣ ከታች ደግሞ እስከ ሲናና ድረስ ገብስ። መሬቱ የሌላ ሰው ነበር። ያ ሌላ ሰውም የትም አልሄደም፤ እዚያው መሬቱ ላይ ሆኖ ለአዲሱ ጌታ ይገብር ነበር።

ከአዲሶቹ ጌቶች አንዱ ባላምባራስ ተክለማርያም ነበሩ። ብዙ ገባር የተሰጣቸው፣ ቤታቸው ከላይኛው ሰፈር፣ ከቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ። ሚስታቸው ወይዘሮ ፈለቀች ከሞቱ ቆይተዋል፤ የቀረላቸው ደጀኔ የሚባል አንድ ልጅ ነው።

ከታችኛው ሰፈር፣ ወደ ሮቤ ገበያ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ወይዘሮ ወለተኢየሱስ ይኖሩ ነበር። ባላቸው በየነ ከባላምባራስ ጋር ነፍጥ ይዞ የመጣ ወታደር ነበር። እሱ በሞተ ጊዜ ነፍጡም ገባሮቹም ለሌላ ተሰጡ። ለእሳቸው አንዲት ጎጆ፣ ትንሽ የጓሮ መሬት፣ አንድ እንዝርትና አንዲት ልጅ ቀረችላቸው። ያቺ ልጅ ሠርከአዲስ ናት።

ደጀኔ ረቡዕ ረቡዕ በበቅሎ ወደ ሮቤ ገበያ ይወርዳል። ሠርከአዲስም ረቡዕ ረቡዕ አጥሩ ሥር የሚሠራ ሥራ አታጣም። «የዚያች በቅሎ ኮርቻ ሁልጊዜ እኛ አጥር ጋ ሲደርስ ነበር የሚላላው» አሉኝ እማማ፣ ያን ሁሉ ዓመት ቆይተው አሁንም እየሳቁ። «ወርዶ ያጠብቃል፤ አሁንም ያጠብቃል። በቅሎዋ እንዴት እንደምትተነፍስ ያሳስበኝ ነበር።»

ዐይን ለዐይን ተያዩ እንጂ ለብዙ ጊዜ አልተነጋገሩም። ደብዳቤ እንዳይልክላት እሱም አይጽፍም፣ እሷም አታነብም። በሰፈሩ የሚጽፉት መምሬ ገብረወልድ ብቻ ናቸው፤ የሁለቱም የነፍስ አባት ናቸው። ደብዳቤ ላስጽፍ ቢል መጀመሪያ ንስሐ መግባት ሊኖርበት ነው። ስለዚህ ጽሕፈቱ በዐይን ሆነ። አንድ ረቡዕ ሳያልፍ ቢቀር ሳምንቱ ሁሉ ጎደሎ ይሆንባት ነበር።

*

መስቀል ባለፈ በጥቅምት መምሬ ገብረወልድ ሽማግሌ ሆነው ወይዘሮ ወለተኢየሱስ ጎጆ ገቡ። ከብዙ ሳልና ከብዙ ምርቃት በኋላ ወደ ነገሩ መጡ።

«ልጁ ወዷታል። ባላምባራስ ደግሞ አንድ ልጃቸውን እንቢ ማለት አልቻሉም። ጥሎሹን ያቀርባሉ፤ ቀሚስ፣ ካባ፣ የብር ድሪ። ዳስ ግን ለየራስ ነው ብለዋል። በአገራችን ሥርዓት የሙሽራዋ ቤት ሙሽራውን ከነአጃቢው ያበላል፣ ያጠጣል፤ በማግሥቱ ደግሞ በእሳቸው ዳስ። እኩል ለእኩል።»

«አጃቢው ማን ማን ነው?» አሉ ወይዘሮ ወለተኢየሱስ።

መምሬ ራሳቸውን አከክ አከክ አደረጉ። «ነፍጥ የያዘ ሁሉ። ነፍጡስ አይበላም፤ የያዘው ሰው ነው እንጂ ችግሩ።»

«እችላለሁ ይበሏቸው።»

«ወለተኢየሱስ ልጄ፣ ከየት አምጥተሽ?»

«አገሬ ብሆን ከየት ተብዬ አልጠየቅም ነበር» አሉ፤ ፊታቸውንም ወደ እንዝርታቸው መለሱ።

እውነታቸውን ነው። መንዝ ላይ ቢሆን አንዷ እህት ጌሾ ትወቅጣለች፤ ሌላዋ ብቅል ይዛ ትመጣለች፤ አጎት በሬ ይጎትታል፤ ጎረቤት ጋኑን እያንከባለለ ያመጣል፤ ወንዶቹ የዳሱን ምሰሶ ይቆርጣሉ። የሠርግ ወጪ የሚሉት ነገር በብዙ ትከሻ ላይ ስለሚያርፍ ማንም ክብደቱን ሳያውቀው ያልፋል። እዚህ ግን ያ ሁሉ ትከሻ የለም። ወንድሞቻቸው ስንት አገር ማዶ ናቸው። የእኩል ሥርዓቱ ከአገር ቤት አብሮ መጣ፤ እኩል የሚያደርገው ወገን ግን እዚያው ቀረ።

ገብሱ ከጓሮ ይገኛል፤ ጠላውም አያስቸግርም። ማሩ ነው የቸገረው። የባላምባራስ ልጅ ሠርግ ያለ ጠጅ አይሆንም፤ ማር ደግሞ ከሐረና ጫካ ወጥቶ በግብር መልክ የጌቶቹ ዕቃ ቤት ይገባል እንጂ ለባልቴት አይተርፍም። ባላምባራስማ ለራሳቸው ዳስ ተጨማሪ ማር ከየገባሩ ቤት እንዲወጣ አዝዘዋል። በጥር ካልተጋቡ ጾም ይገባል። በጾሙ መካከል ደግሞ ባላምባራስ ልባቸው ሊቀየር ይችላል፤ ጊኒር ላይ ሴት ልጅ ያላቸው አንድ ትልቅ ሰው አማላጅ እየላኩባቸው ነበር።

ሠርከአዲስ ይህን ሁሉ ከመጋረጃው ጀርባ ሰማች። እናቷ «እችላለሁ» ያሉበት ድምፅ ለብዙ ቀን ከጆሮዋ አልጠፋም። በዚያ ቃል ውስጥ ደስታና ፍርሃት አብረው ነበሩ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ እናቷ ትንሽ ሆነው ታዩአት።

*

ገና ሲቃረብ አንድ ቀን ቶጎና ወንዝ ላይ ተገናኙ። እሷ ውኃ ልትቀዳ፣ እሱ በቅሎ ሊያጠጣ። በቅሎዋ እንዳልተጠማች ሁለቱም ያውቃሉ።

«እናትሽ ምን አሉ?»

«እችላለሁ አለች።»

«ይችላሉ?»

«አትችልም።»

በቅሎዋን ትቶ ጠጋ አለ። ከዚያ «ማሩን እኔ ላምጣው» አለ። «ዕቃ ቤታችን ሙሉ ነው።»

«እንዲህ ያልክ ዕለት እማዬ በሯን ትዘጋብሃለች። የእናንተ ማር በእኛ ዳስ ከተጠጣ እኛ ምን ሰጠን? አብልታ ሸኘች ሳይሆን ልጇን ሰጥታ በላች ነው የምትባለው።» ማድጋዋን ከውኃው አወጣች። «የሃዳ ሁሴን ሰዎች እንዲህ አይጨነቁም። ሠርግ ሲኖር ሴቶቹ ወተቱን፣ ቅቤውን፣ ማሩን ይዘው እየዘፈኑ ይመጣሉ። ጉማታ ይሉታል። ማን አምጣ አለ የለም፣ ማን ጎደለ የለም።»

ሃዳ ሁሴን ማለት የሁሴን እናት ማለት ነው። ከወንዙ ማዶ የሚኖሩ የባላምባራስ ገባር ናቸው። ሠርከአዲስ በተወለደች ሰሞን ወይዘሮ ወለተኢየሱስ በንዳድ ወድቀው ጡታቸው በደረቀ ጊዜ፣ ሃዳ ሁሴን በአንዱ ጡታቸው ሁሴንን፣ በሌላው ሠርከአዲስን ይዘው አሳደጉ። ሠርከአዲስ አፏን የፈታችው በሁለቱም ቋንቋ ነው። ለሃዳ ሁሴን «ኢንተላ ቲያ» ናት፤ ልጄ ማለት ነው።

ደጀኔ ከተናገረችው ሁሉ «ጉማታ» የምትለዋን ቃል ይዞ ተለያት። መላ ያገኘ መሰለው፤ ልቡ እንደ ወንዙ ውኃ ቀለል ብሎት እያፏጨ ወደ ላይኛው ሰፈር ወጣ።

*

በሦስተኛው ቀን ጎሕ ሲቀድ ወይዘሮ ወለተኢየሱስ በራቸውን ሲከፍቱ ደጃፉ ላይ አንድ ጉንዶ ማር አገኙ። ጉንዶ የሚሉት ማር ተሰፍሮ የሚገበርበት ባለክዳን ዕቃ ነው። ይህኛው የተዋበ ነበር፤ ክዳኑ ላይ ዛጎል ዙሪያውን ተሰፍቶበታል። እንዲህ ያለ ነገር የሚያስጌጡት የኦሮሞ ሴቶች ናቸው። ደጀኔም ከአባቱ ዕቃ ቤት ይህንን የመረጠው ለዚሁ ነው፤ ያየው ሁሉ ከሃዳ ሁሴን ቤት የመጣ ስጦታ ነው እንዲል።

ወይዘሮ ወለተኢየሱስ እንደዚያው አሉ። ሦስት ጊዜ አማተቡ። ነጠላቸውን አጣፍተው፣ ልጃቸውን አስከትለው ወንዙን ተሻገሩና የሃዳ ሁሴንን ጉንጭ እያገላበጡ ሳሙ።

«ወገን የለኝም ስል እግዜር ሰማኝ። አንቺ አለሽኝ።»

«ናጋ፣ ናጋ፣ ሰላም ነው» አሉ ሃዳ ሁሴን ግራ ገብቷቸው። «ምን አደረግሁ?»

«ማሩን ነዋ።»

«የምን ማር?»

ተያይዘው መጡ። ሃዳ ሁሴን ከጉንዶው ፊት ቁጭ አሉ፤ ክዳኑን በጣታቸው ዳበሱት። በአንድ በኩል ዛጎሉ ወልቆ ክሩ ብቻ ቀርቶ ነበር። እዚያ ቦታ ላይ ጣታቸው ቆመ።

«ይሄ የኔ ነው» አሉ ቀስ ብለው። «ስዳር እናቴ የሰጠችኝ ነው። ይቺን ዛጎል ሁሴን ትንሽ ሆኖ በጥርሱ ነቀላት። መስቀል ጊዜ የባላምባራስ ምስለኔ ግብር ሲቀበል ሌላ ዕቃ ስላልነበረኝ በዚህ ሰፈርኩለት። ማሩን ገልብጬ ዕቃዬን ልውሰድ ብለው ሳቀብኝ።» ጣታቸውን ከክሩ ላይ አነሡ። «የኔ ነው። ያመጣሁት ግን እኔ አይደለሁም።»

ያን ማር ሠርከአዲስም ታውቀዋለች። ሁሴን ለዚያ ግብር ሐረና ወርዶ ከዛፍ ላይ ቀፎ ሲያወርድ ወድቆ እግሩ ተሰብሯል። እስከዚያን ቀን ድረስ በዱላ ነበር የሚሄደው።

ወይዘሮ ወለተኢየሱስ የሳሙበትን ከንፈር በመዳፋቸው ሸፈኑ። ሠርከአዲስ ሁለቱን እናቶቿን እያየች፣ የማን እፍረት እንደሚበልጥ መለየት አቃታት።

*

ደጀኔ ረቡዕ ሲያልፍ ኮርቻው አልላላም፤ ወርዶ በቀጥታ ወደ አጥሩ መጣ። ፊቱ ላይ ምስጋና የሚጠብቅ ሰው ፈገግታ ነበር።

«ማር ተገኘ አሉ።»

«ተገኘ» አለች። «ከየት እንደሆነ ልንገርህ?» ነገረችው። ስለ ዛጎሏ፣ ስለ ምስለኔው ሳቅ፣ ስለ ሁሴን እግር።

ፈገግታው ከፊቱ ላይ ቀስ ብሎ ሄደ። «እኔ የማን እንደሆነ አላወቅሁም። በእግዚአብሔር ስም፣ ሠርክዬ፣ አላወቅሁም።»

«አውቃለሁ። አላወቅህም። እኔን የከፋኝም እሱ ነው። ዕቃ ቤታችሁ ያለው ሁሉ ባለቤት ያለው አይመስልህም።»

«ላንቺ ብዬ እኮ ነው።»

«ለእኔ ብለህ እናቴን ባልተሰጣት ስጦታ አሳፈርካት፤ ያጠባችኝን ሴት ደግሞ በገዛ ዕቃዋ አስለቀስካት። እማዬ ጉንዶውን ከደጃፍ አላስገባችውም። እዚያው ነው። በዚህ ማር በእኛ ቤት ጠጅ አይጣልም።»

«እንግዲያ ሠርጉስ?»

ይህን ሲጠይቅ ድምፁ ተሰበረ። ሠርከአዲስ ዞራ ገባች። ከበሩ ጀርባ ቆማ የበቅሎዋን ኮቴ ጠበቀች። ኮቴው አልተሰማም፤ እሱም አጥሩ ጋ ቆሞ ነበር። በአንድ በር ሁለት ወገን ቆመው፣ ማንም ማንን ሳያይ፣ ሁለቱም ያለቅሱ ነበር።

*

ከዚያ የሆነውን የታችኛው ሰፈር ሰው ሁሉ ያየው ነው። ደጀኔ በቅሎዋን ከአጥሩ ጋር አሰረ። ጉንዶውን ከደጃፉ አንሥቶ በትከሻው ላይ አደረገ። ቀኑ ገበያ ነው፤ መንገዱ በሰው ሞልቷል። የባላምባራስ ልጅ ጠመንጃውን እንኳ አሽከር ነው የሚይዝለት፤ እንኳን ሸክም። አንዱ ወታደር ሮጦ «ጌታዬ ልያዝልዎ» ቢለው «አይሆንም፣ የምመልሰው እኔ ነኝ» አለው። ከክዳኑ እየፈሰሰ ነጭ ሸማው ማር በማር ሆነ። ንቦች ከየት እንደመጡ አይታወቅም፣ ራሱን እየዞሩ ተከተሉት።

ወንዙን ተሻግሮ ከሃዳ ሁሴን ደጅ ደረሰ። ሁሴን እግሩን ዘርግቶ በር ላይ ተቀምጧል። ደጀኔ ጉንዶውን ከፊታቸው አወረደና የሚያውቃትን አንዲት ቃል ተናገረ።

«ዲፋማ።» ይቅርታ ማለቱ ነው። ሌላ ሊጨምር ሞከረ፤ አልቻለም። «እርስዎ» ብሎ ጀመረ በአማርኛ፣ እዚያው ቆመ። ገባርን እርስዎ ብሎ አያውቅም ነበር፤ አፉ ራሱ ደነገጠ።

ሁሴን ከላይ እስከ ታች አየው። «ንቡ አንተን ነው የሚፈልገው፣ ጉንዶውን?» አለ።

ሃዳ ሁሴን ግን አልሳቁም። ገብተው ወተት በጮጮ አምጥተው ሰጡት። «ጠጣ። የመጣ ሰው ሳይጠጣ አይሄድም።»

ሠርከአዲስ ተከትላው መጥታ ከቁጥቋጦው ጀርባ ሆና ይህን ሁሉ ታይ ነበር። ጠጥቶ ሲጨርስ ወጣች።

«ሸማህን አውልቅ» አለችው።

«ለምን?»

«ማር ነክቶታል። ልጠበው።»

አወለቀላት። ወደ ወንዙ ወረደች። ከጨርቁ የሚወጣው ማር በውኃው ላይ ወርቅ መስሎ ሲሄድ እያየች፣ ለእናቷ ምን እንደምትል ሳታውቅ፣ ሠርጉ ይሁን አይሁን ሳታውቅ፣ ብቻ እንደምትወደው አወቀች።

*

ወሬው ከእሱ ቀድሞ ላይኛው ሰፈር ደርሷል። ባላምባራስ ተክለማርያም በበቅሎ ወረዱ፤ መምሬ ገብረወልድ በእግር ከኋላ እያለከለኩ። ከወይዘሮ ወለተኢየሱስ ደጃፍ ሲደርሱ ደጀኔ፣ ሠርከአዲስና ሊሸኟቸው የወጡት ሃዳ ሁሴን ከወንዙ ሲመለሱ ተገጣጠሙ። የደጀኔ ሸማ እርጥብ ነው።

ባላምባራስ ከበቅሎ አልወረዱም። «ወይዘሮ፣ ጋብቻው ቀርቷል። ልጄን በገበያ መካከል ተሸካሚ ካደረገ ቤት ጋር አልዛመድም። የጊኒሩን አማላጅ ነገ እሺ እለዋለሁ።»

ሠርከአዲስ የእናቷን እጅ ያዘች።

ወይዘሮ ወለተኢየሱስ ቀና አሉ። «አንተ ተክለማርያም» አሉ።

በመንገድ የሚያልፈው ገበያተኛ ቆመ። ባላምባራስን አንተ የሚል ሰው ባሌ ምድር ላይ አልነበረም።

«ፈለቀችን ስታገባ ዳስህ የት ነበር?»

ባላምባራስ ልጓሙን ጨበጡ። «ዳስ የት ነበረን» አሉ። «ድንኳን ነበር።»

«የማን ድንኳን?»

«የበየነ። ያንቺና የበየነ።»

«ቀዳዳውን ማን ሰፋው?»

«አንቺ ነሽ።»

«ጠጅ ማን ጣለ?»

«ጠጅ አልነበረም። የገብስ ጠላ ነበር።»

«እኔ ነበርኩ የቀዳሁት» አሉ መምሬ ትንፋሻቸው ሲመለስ። «በቃና ሠርግ ውኃው ወይን ሆነ፤ በእናንተ ሠርግ ጠላው ውኃ ሆነ። ግን ማንም አልጠማውም።»

ባላምባራስ ፈገግ ሊሉ ነበር፤ ያዙት።

«የፈለቀች እናት ሆኖ ማን ቆመ?»

«አንቺ። ወገን አልነበራትም።» ድምፃቸው እየወረደ ሄደ። «ከየድንኳኑ አንዱ ሽሮ፣ አንዱ ቋንጣ፣ አንዱ አሞሌ ጨው ይዞ መጣ። አንቺ ቀሚስሽን አልብሰሻት... እጅጌው ረዝሞባት ሌሊቱን ሙሉ ስሰበስብላት ነበር።»

«ያን ቀን ዳስ ለየራስ ያለህ ነበር?»

«የለም።»

«ገብሱስ ከየት መጣ?»

ባላምባራስ ዐይናቸው ሳይፈልጉ ወደ ሃዳ ሁሴን ሄደ፤ ሃዳ ሁሴንም አዩአቸው። ከዚያ ለበቅሎዋ የከበዷት ይመስል፣ ቀስ ብለው ወረዱ። ከወይዘሮ ወለተኢየሱስ አጥር ሥር ካለው ድንጋይ ላይ ተቀመጡ።

«ፈለቀችን ካነሣኋት ስንት ጊዜዬ» አሉ። «ልጁ የእሷን ዐይን ነው የያዘው። ለዚህ ነው ቀና ብዬ የማላየው።» ደጀኔ ይህን ከአባቱ ሰምቶ አያውቅም ነበር። ጠጋ ብሎ ከጎናቸው ቆመ፤ ባላምባራስም እርጥቡን ሸማ በእጃቸው ነካ አደረጉት።

«ምን ላድርግ ትያለሽ?»

«አንድ ዳስ» አሉ ወይዘሮ ወለተኢየሱስ። «እዚህ፣ በእኔ ጓሮ። እኔ ገብሴን፣ አንተ በሬህን። ያለው ያለውን ያመጣል። ከየገባሩ ቤት ይውጣ ያልከው ማር ግን ይቅር። ልጄ በሰው እንባ አትዳርም።»

«አጃቢዬ ምን ሊጠጣ?»

«ጠላ። ጠጥተን አልሞትንም።»

«የሠርጉ ማር ይቅር» አሉ ባላምባራስ። «የመስቀሉ ግብር የመንግሥት ነው፣ የእኔ አይደለም። የሠርጉ ግን ይቅር።»

ያን ጊዜ ሃዳ ሁሴን ተናገሩ።

«እኔ ማር አለኝ።»

ሁሉም ዞሩ።

«መስቀል ጊዜ ወሰድክብኝ። ዛሬ ልጅህ መለሰልኝ። አሁን የኔ ነው፤ የኔ ከሆነ መስጠት እችላለሁ። ይቺ ልጅ ጡቴን ጠብታለች። የእናቷ ወገን የለም አላችሁ፣ እኔ ምንድን ነኝ? ጠጁ በሚጣልበት ቀን ከሴቶቹ ጋር እየዘፈንኩ አመጣዋለሁ። ጉማታ ነው። ግማሹን ብርዝ አድርጉት፤ እኛ ጠጅ አንጠጣም።»

ወይዘሮ ወለተኢየሱስ እጃቸውን ዘረጉላቸው። ሃዳ ሁሴን ያዙት። ዐይናቸውን ግን ከባላምባራስ ላይ አላነሡም።

«አንድ ነገር አለ። መስቀል ጊዜ ያንተ ሰው ጉንዶዬን በእግሩ ገፍቶ ነው ዕቃ ቤት ያስገባው። ፊቴን አላየም። እንግዳ ሆኜ ስመጣ፣ በዳሱ በር ላይ የሚቀበለኝ ማን ነው?»

ደጀኔ ሠርከአዲስን አያት፤ አየችው። በዚያ እይታ ውስጥ ያለፉት ረቡዖች ሁሉ፣ ገና ያልመጡትም፣ ነበሩ። ሁለቱም የሚጠብቁት የአንድ ሽማግሌ አፍ ነው።

ባላምባራስ ተክለማርያም መዳፎቻቸውን ገልብጠው አዩአቸው፤ ጦር ይዘው የመጡባቸውን፣ የፈለቀችን እጅጌ ሲሰበስቡ ያደሩባቸውን እጆች። ከድንጋዩ ላይ ተነሡ።

«እኔ እቀበላለሁ» አሉ። «ከበሩ ላይ ቆሜ። በሁለት እጄ።»